ቅጠሉን የሚያነበው ማን ነው?

የቻይና ገበሬና ሻዩ
(በዩኒየኑ የምሥረታ በዓል ላይ የቀረበ ንግግር)



«የሻይ ቅጠል ንባብ» ሲባል ብዙ ሰው ቶሎ ትዝ የሚለው ጥንቆላ ነው። በኢትዮጵያ ስኒ ገልብጠው የቡናውን አተላ እያዩ «መንገድ አለሽ፣ እንግዳ ይመጣል» የሚሉ ሰዎች መኖራቸው የታወቀ ነው። ስለዚህ የሻይ አገር በሆነችው በቻይናም በየመንደሩ በሻይ አተላ ዕድል የሚናገሩ ባልቴቶች ሞልተዋል ብሎ መገመት አያስነውርም። ነገሩ ግን ሌላ ነው። ከስኒ ግርጌ የቀረውን የሻይ ቅጠል አይቶ ዕድል መናገር ስሙ የገነነው ሻይ በ17ኛው ክፍለ ዘመን አውሮፓ ከገባ በኋላ፣ በተለይም በእንግሊዝና በስኮትላንድ ቤቶች ነው። በጃፓንም በስኒ ውስጥ ቀጥ ብሎ የቆመ የሻይ አገዳ መልካም ዕድል ያመጣል ይባላል። የቻይና ገበሬ ዕድሉን ማወቅ ሲሻ ግን ቤተ መቅደስ ሄዶ ጥንድ የእንጨት ቁራጭ ይጥላል፤ ለሠርግና ለቤት ሥራ ደግሞ የቀን መቁጠሪያ አስገልጦ ቀን ያስመርጣል።

የሻይ ቅጠልን የሚያነበው ለእንጀራው ነው። ቅጠሉ የሆነውን ሁሉ ይናገራል፤ እንዴት እንደተለቀመ፣ በቅርጫት ምን ያህል እንደቆየ፣ ምጣዱ እንዴት እንደጋለ ይናገራል። ይህን አንብቦ የሚረዳ ሰው ዋጋ ይቆርጣል፤ ማንበብ የማይችል ሰው የተቆረጠለትን ይቀበላል። የኅብረት ሥራ ማኅበር ዓመታዊ በዓል ላይ ስለ ሩቅ አገር ሻይ ማውራት ተገቢ የሚሆነውም በዚህ ምክንያት ነው።

በቅድሚያ ስለ ቃሉና ስለ ቅጠሉ ጥቂት ማለት ይገባል። ቻይናውያን ተክሉንም መጠጡንም «ቻ» ይሉታል። ቃሉ በየብስ የንግድ መንገድ በፋርስና በዓረብ በኩል ሲጓዝ «ቻይ»፣ «ሻይ» እየሆነ እስከ ኢትዮጵያ ደረሰ። ከፉጂያን ወደቦች በሆላንድ ነጋዴዎች መርከብ የተጫነው ደግሞ «ቴ» ሆኖ ምዕራብ አውሮፓ ገባ። በኢትዮጵያ ገበያ የተለመደው ሻይ በማሽን ደቅቆ የሚመጣ በመሆኑ ጠጪው የቅጠሉን መልክ አያውቀውም፤ ቢያነብ እንኳ የሚያነበው የለውም። የቻይና አረንጓዴ ሻይ ግን አብዛኛው ሙሉ ቅጠል ነው። ሙቅ ውኃ ሲፈስበት ይፍታታና ቁጥቋጦው ላይ ሳለ የነበረውን ቅርጽ መልሶ ይይዛል።

ድሮ እንዲህ አልነበረም። በ8ኛው ክፍለ ዘመን ሉ ዩ የተባለው ሊቅ ስለ ሻይ ብቻ የሚናገር መጽሐፍ ሲጽፍ፣ ሻይ የሚዘጋጀው በእንፋሎት ተቀቅሎና ተወቅጦ እንደ ቂጣ ተጠፍጥፎ ነበር። ሉ ዩ ስለ ለቀማ ጥብቅ ነው፤ በዝናብ ቀን አይለቀም ይላል፣ ዝናብ ባይኖርም ሰማዩ ደመና ከያዘ አይለቀም ይላል። ሰማይን ማንበብ እንግዲህ የቆየ ነው። ሙሉው ቅጠል በአገሩ ሁሉ የተስፋፋው ግን እ.ኤ.አ. በ1391 የሚንግ ሥርወ መንግሥት መሥራች ንጉሠ ነገሥት ሆንግዉ ቂጣ ሻይ ለቤተ መንግሥት መገበሩ ሕዝቡን አድክሞታል ብሎ፣ ግብሩ ያልተጠፈጠፈ ቅጠል እንዲሆን ካዘዘ በኋላ ነው። ቂጣ ውስጥ የተወቀጠ ቅጠል ጥፋቱን ይደብቃል። ያልተጠፈጠፈው መደበቂያ የለውም።

በሻይ ሥራ የቀኑን ውድነት ለማየት በምሥራቅ ቻይና ሃንግዡ ከተማ አጠገብ፣ ከምዕራብ ሐይቅ ዳር ዳር ያሉትን ኮረብታዎች መመልከት ነው። ሎንግጂንግ የሚባለው ስመ ጥር አረንጓዴ ሻይ የሚበቅለው በዚያ ነው። የኢትዮጵያ ገበሬ ወቅቱን በበዓላት እየቆጠረ «ሚካኤል ሳያልፍ» እንደሚለው፣ የቻይና ገበሬም ዓመቱን በ24 የፀሐይ ወቅቶች ከፍሎ ይሠራል። ከነዚህ መካከል ለሻይ ገበሬ የሚበልጡበት ሁለት ናቸው። አንዱ የመቃብር መጥረጊያው በዓል የሚውልበት፣ ሚያዝያ 4 ወይም 5 ቀን ገደማ የሚገባው ቺንግሚንግ ነው፤ ሁለተኛው «የእህል ዝናብ» የሚል ትርጉም ያለው፣ በሁለት ሳምንት ያህል የሚከተለው ጉዩ ነው። (ቀኖቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ከቺንግሚንግ በፊት የተለቀመ ሻይ በክረምቱ ቅዝቃዜ ያጠራቀመውን ኃይል የያዘ፣ ምሬቱ ያነሰ፣ ዋጋውም ከሁሉ የላቀ ነው። ከቺንግሚንግ እስከ ጉዩ ያለው ጥሩ ሻይ ይባላል፣ ይሸጣል። ከዚያ ወዲያ ዋጋው በየቀኑ ይወርዳል። ቁጥቋጦው ያው ነው፤ ማሳውም ሰውየውም አልተለወጡም። የተለወጠው ቀኑ ነው።

ታዲያ ገበሬው ከየካቲት መጨረሻ ጀምሮ በየማለዳው ማሳው ውስጥ ነው። የሚፈልገው አንድ እምቡጥና አንድ ለጋ ቅጠል ነው፤ ቅጠሉ እምቡጡን ሳይበልጠው በፊት መለቀም አለበት። ከ4 እስከ 5 ኪሎ ግራም እርጥብ ቅጠል ተለቅሞ፣ ተዘጋጅቶ ሲያበቃ የሚወጣው 1 ኪሎ ግራም ደረቅ ሻይ ነው። ለዚያ 1 ኪሎ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ እምቡጦች አንድ በአንድ በጣት ይነሣሉ። የመንደሩ ወጣት ከተማ ገብቷል፤ ስለዚህ በለቀማ ወራት ከአንሁዊና ከጂያንግሺ ክፍላተ ሀገር ሴቶች፣ አብዛኞቹም በዕድሜ የገፉ፣ በአውቶቡስ መጥተው በገበሬዎች ቤት እያደሩ ይለቅማሉ። ምግቡና መኝታው በባለ ማሳው ነው። የለቃሚ ደመወዝ ከአረንጓዴ ሻይ ወጪ ትልቁን ድርሻ ከሚይዙት አንዱ ነው።

እዚህ ላይ ሳይንስ ገባ። በሃንግዡ እ.ኤ.አ. በ1958 የተቋቋመው የሻይ ምርምር ተቋም «ሎንግጂንግ 43» የተባለ ዝርያ አውጥቷል። በቁራጭ ስለሚራባ ሁሉም ቁጥቋጦ አንድ ዓይነት ነው፤ በአንድ ጊዜ ያቆጠቁጣል፣ ያውም በዘር ከበቀለው ከነባሩ ዝርያ በበርካታ ቀናት ቀድሞ። ከላይ እንደተነገረው በዚያ አገር ቀን ገንዘብ ስለሆነ ብዙ ማሳ በዚህ ዝርያ ተተካ። ግን የቀደመ ሁሉ አያተርፍም። ፀደይ ከገባ በኋላ ተመልሶ የሚመጣ ቅዝቃዜ አለ፤ አንድ ሌሊት ውርጭ ሲመታ ቀድሞ የወጣው እምቡጥ ሁሉ በጠዋት ጠቁሮ ይገኛል። ነባሩ ዝርያ ገና ስላልነቃ ይተርፋል። ከዚያም በላይ ሻይ የሚያውቁ ሸማቾች የነባሩ ጣዕም ይበልጣል እያሉ ቆይተው ይገዛሉ። ብልህ ገበሬ ሁለቱንም ይተክላል፤ መሬቱ ግን የቤተሰብ ድርሻ በመሆኑ በ«ሙ» የሚለካ ትንሽ ማሳ ነው፤ አንድ ሙ የሄክታር 15ኛ ክፍል ናት።

የተለቀመው ቅጠል ወደ ቤት ሲገባ በቀርከሃ ሰፌድ ላይ ስስ ሆኖ ተሰጥቶ ለብዙ ሰዓታት ይጠወልጋል። ቀጥሎ ጎድጓዳ ብረት ምጣድ እስከ 200 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ገደማ ይግላል፤ አማሹ በባዶ እጁ ቅጠሉን ያገላብጣል፣ ይጫናል፣ ይጠፈጥፋል። ለሎንግጂንግ አመሳ አሥር የታወቁ የእጅ አያያዞች አሉ። ሙቀቱ ቅጠሉ በአየር እንዳይጠቁር ያደርገዋል፤ ቻይናውያን ይህን «አረንጓዴውን መግደል» ይሉታል፣ ምንም እንኳ አረንጓዴውን የሚያድነው እርሱ ቢሆንም። ዛሬ አብዛኛው ሻይ በማሽን ይታመሳል። እጅ የማሽኑን ያህል አያፈጥንም፤ ነገር ግን እርጥቡ ቅጠል ከቀን ወደ ቀን ስለሚለያይ፣ ትናንት የዘነበበትንና ዛሬ ፀሐይ የመታውን ለይቶ ግለቱን የሚያስተካክለው በእጁ የሚሰማው ሰው ነው።

ወደ ደቡብ ወርዶ በፉጂያን ክፍለ ሀገር በአንሺና በዉዪ ተራሮች ያለው ሥራ ደግሞ የሌሊት ሥራ ነው። የእነርሱ ሻይ ከአረንጓዴውና ከቀዩ መካከል ያለ፣ ኡሎንግ የሚባል ነው። ከሰዓት በኋላ የተለቀመው ቅጠል ለጥቂት ጊዜ ፀሐይ ላይ ይሰጣና፣ ከዚያ እስከ ንጋት በቀርከሃ ወንፊት እየተነቀነቀ ያርፋል፣ እንደገና ይነቀነቃል። ሲጋጭ ጠርዙ ይቆስላል፣ የቆሰለው ይቀላል፣ መሐሉ አረንጓዴ እንደሆነ ይቀራል። ሦስት እጅ ቀይ ሰባት እጅ አረንጓዴ ሲሆን ደረሰ ይባላል። መቼ እንደሚነቀነቅ በሰዓት አይወሰንም፤ ባለሙያው ቅጠሉን አንሥቶ ያሸታል፣ ወደ መብራት አንሥቶ ያያል። መጀመሪያ የሣር ሽታ ነው፣ ኋላ የአበባ ይሆናል። አበባው መጥቶ ሳያልፍ ምጣድ ውስጥ መግባት አለበት። ከሰሜን ደረቅ ነፋስ ሲነፍስ ሥራው ይቀናል፤ የደቡቡ ነፋስ እርጥበት ይዞ ከመጣ ግን የሌሊቱ ድካም ሁሉ ከንቱ ሊሆን ይችላል። እንቅልፍ የጣለው ባለሙያ የቤተሰቡን የሳምንት ገቢ በአንድ ሌሊት ያጣል።

በዚያው በዉዪ፣ በየን ሥርወ መንግሥት ዘመን እ.ኤ.አ. በ1302 የቤተ መንግሥት የሻይ አትክልት ተቋቁሞ ነበር። በመጋቢት መጀመሪያ፣ በጂንግጀ ወቅት፣ ሹማምንቱና ገበሬዎቹ ከበሮና ደወል ይዘው ተራራው ሥር ቆመው «ሻይ አቆጥቁጥ!» እያሉ ይጮኹ እንደነበር ይነገራል። ተራራው ሰምቶ ይሁን ሙቀቱ ደርሶ፣ ሻዩ ያቆጠቁጥ ነበር። እምነትና ሥራ በሻይ ገበሬ ቤት ተለያይተው አያውቁም። ለጋብቻ ሲጠየቅ ለሴቷ ቤተሰብ ከሚላከው ጥሎሽ መካከል ሻይ ነበረ፤ የጥሎሹም ስም «የሻይ ስጦታ» ይባላል። ምክንያቱ በድሮ መጻሕፍት እንደተገለጸው የሻይ ተክል ከዘር ብቻ የሚበቅል፣ ተነቅሎ ሌላ ቦታ ቢተከል የማይጸድቅ ነው ስለሚባል የጸና ትዳር ምልክት እንዲሆን ነው። እርግጥ ሎንግጂንግ 43 በቁራጭ ተባዝቶ ተራራውን ሞልቶታል፤ ሠርጉ ግን አሁንም ያለ ሻይ አይሆንም፤ ሙሽሮቹ ተንበርክከው ለወላጅ ሻይ ያቀርባሉ።

ከዚህ ሁሉ ጥንታዊውን የሚያሳየው በደቡብ ምዕራብ፣ በዩናን ክፍለ ሀገር ያለው የጂንግማይ ተራራ ነው። የቡላንግና የዳይ ሕዝቦች በጫካ ጥላ ሥር የሻይ ዛፍ እየተከሉ ለብዙ መቶ ዓመታት ኖረዋል። በዩናን የሚበቅለው ባለ ሰፊ ቅጠል ዓይነት ካልተገረዘ ቁጥቋጦ አይደለም፣ ዛፍ ይሆናል፤ ለቃሚው ይወጣበታል። ቡላንጎች ፓ አይለንግ የተባለ አባት ነበረን ይላሉ። ሊሞት ሲል ለልጆቹ ከብት ቢተውላቸው በሽታ እንደሚጨርሰው፣ ወርቅና ብር ቢተውላቸው ተበልቶ እንደሚያልቅ አስቦ የሻይ ዛፍ ተወላቸው የሚል አፈ ታሪክ አላቸው። በየማሳው መጀመሪያ የተተከለው ዛፍ «የሻይ ነፍስ ዛፍ» ይባላል። በፀደይ ለቀማ ሲጀመር ስጦታ ቀርቦለት መጀመሪያ የሚለቀመው ከእርሱ ነው። አምስት ያረጁ የሻይ ጫካዎችንና ዘጠኝ መንደሮችን የያዘው ይህ ተራራ እ.ኤ.አ. በ2023 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል።

አሁን ወደ ዋናው ንባብ፣ ወደ ስኒው ግርጌ እንመለስ።

በቻይና ብሔራዊ ደረጃ መሠረት ሻይ ሲመዘን 3 ግራም ደረቅ ቅጠል በ150 ሚሊ ሊትር የፈላ ውኃ ይዘፈዘፋል፤ አረንጓዴ ሻይ ለ4 ደቂቃ ነው። ነጥቡ ለአምስት ነገር ይከፈላል። ለአረንጓዴ ሻይ የደረቁ ቅጠል መልክ 25 በመቶ፣ የፈሳሹ ቀለም 10፣ መዓዛው 25፣ ጣዕሙ 30፣ በመጨረሻም ከተዘፈዘፈ በኋላ የቀረው ቅጠል 10 በመቶ ይይዛል። ይህ የመጨረሻው 10 በመቶ ትንሽ ይመስላል። ልምድ ያለው ሰው ግን ሌሎቹ ለምን እንደዚያ እንደሆኑ የሚረዳው በእርሱ ነው። ቅጠሉ በነጭ ሳሕን ላይ ይገለበጥና በጣት ይዘረጋል።

የአገዳው ጫፍ ቡናማ ሆኖ ከተገኘ ለቃሚዋ በጥፍሯ ቀንጥባዋለች። በጣት ሥጋ ይዛ ወደ ላይ ብትስበው ኖሮ አይቆስልም ነበር። ቅጠሉ በከፊል ቀልቶ ከታየ በቅርጫት ታጭቆ ሞቋል፤ ለቃሚዋ ብዙ ልትሞላ ፈልጋለች፣ ወይም የሚረከባት ሰው ዘግይቷል። ጥቃቅን የተቃጠሉ ነጠብጣቦች ካሉ ምጣዱ ከልክ በላይ ግሏል። ቅጠሉ ሳይፍታታ ተጨማድዶ፣ ጠንክሮ ከቀረ እሳቱ አብዝቶበታል፤ አንዳንዴም የቆየ ሻይን አዲስ ለማስመሰል እንደገና እንደተጠበሰ ያሳያል። ትልቅና ትንሽ፣ ለጋና ጠንካራ ተደበላልቆ ከተገኘ የሁለት ሳምንት ለቀማ በአንድ ስም ተሸጧል ማለት ነው። ለጋ፣ ወጥ፣ ብሩህ፣ እምቡጡና ቅጠሉ እንደ አበባ ተያይዞ ሲገኝ ግን የማሳው፣ የለቃሚዋና የአማሹ ሥራ አንድ ላይ ተመስክሯል።

ይህ ንባብ ወሰን እንዳለው መሸሸግ አይገባም። የፑኧር ሻይ ነጋዴዎች ወፍራምና ደም ሥሩ የጎላ ቅጠል አሳይተው «ይህ የ500 ዓመት ዛፍ ነው» ይላሉ። የዛፍን ዕድሜ በስኒ ውስጥ ካለ ቅጠል መናገር ከስኒ ጥንቆላ እምብዛም የራቀ አይደለም። የፀረ ተባይ ቅሪትም በዓይን አይታይም፤ አውሮፓ ገበያ በር ላይ ሻይ የሚመለሰው ቅሪቱን ቤተ ሙከራ ስለሚያገኘው ነው።

ታዲያ ያነበበው ማን ነው? በ1950ዎቹ የቻይና ገበሬ መሬቱ ወደ ኅብረት ሥራ ማኅበር፣ እ.ኤ.አ. ከ1958 ጀምሮም ወደ ኮሚዩን ሲጠቃለል፣ ሻዩን የሚገዛው መንግሥት ብቻ ነበር። በመግዣ ጣቢያው ጠረጴዛ ላይ የየደረጃው ናሙና በቆርቆሮ ጣሳ ተቀምጦ የገበሬው ሻይ ከናሙናው ጋር እየተነጻጸረ ደረጃ ይወጣለት ነበር። ዘዴው መጥፎ አልነበረም፤ ናሙናውን ገበሬውም ያየዋል። ችግሩ ዳኛውም ገዢውም አንድ መሆኑ ነበር። በ1980ዎቹ መጀመሪያ ማሳው ለየቤተሰቡ በኮንትራት ተከፋፈለ፤ እ.ኤ.አ. በ1984 ደግሞ ለድንበር ሕዝቦች ከሚላከው የተጠፈጠፈ ሻይ በስተቀር ግብይቱ ተለቀቀ። ገበሬው ነፃ ወጣ፤ ግን ብቻውን ወጣ። ጠዋት የለቀመውን እርጥብ ቅጠል ማታ ካልሸጠ ይበላሽበታል። ደላላው ይህን ያውቃል። ቅጠሉን በእጁ ዘግኖ አሽትቶ ዋጋ ይጠራል፤ መሸት ሲል ዝቅ ያደርጋል። ቀይ እሸት ቡና ይዞ ፀሐይ እስኪጠልቅ ማጠቢያ ጣቢያ በር ላይ የቆመ ሰው ይህ አይጠፋውም።

የከፋው በዩናን የደረሰው ነው። ፑኧር ሻይ በቆየ ቁጥር ይወደዳል ስለሚባል የከተማ ሀብታሞች እንደ ወርቅ እየገዙ ያከማቹት ጀመር። ዋጋው ከዓመት ዓመት ዘለለ። ስማኦ የተባለችው ከተማ እንኳ እ.ኤ.አ. በ2007 ስሟን ፑኧር ብላ ለወጠች። በዚያው ዓመት ገበያው ወደቀ። ሲገዛና ሲሸጥ የነበረው መጠቅለያው ላይ ያለው ስም ነበር፤ ብዙው ሻይ አንድም ጊዜ ሳይዘፈዘፍ ከመጋዘን መጋዘን ተዛውሯል። ከተራራው ሥር ተሰልፎ ይጠብቅ የነበረ ነጋዴ ተሰወረ። ተስፋ አድርጎ በቆሎውን ነቅሎ ሻይ የተከለ ገበሬ ደግሞ ተራራው ላይ ቀረ።

ከዚያ በኋላ የመጣው ትምህርት ሁለት መልክ ነበረው። እንደ ላኦ ባንጃንግ ያሉ ስመ ጥር መንደሮች መግቢያቸው ላይ ኬላ አቁመው የሌላ ቦታ ቅጠል ወደ መንደራቸው እንዳይገባና በስማቸው እንዳይሸጥ መጠበቅ ጀመሩ። በፑኧር አካባቢ ከ2010 ጀምሮ በእርከን ላይ ታጭቀው የተተከሉ ቁጥቋጦዎች እየተነቀሉ እንዲሳሱ፣ በመካከላቸውም የጥላ ዛፍ እንዲተከል ተደረገ። ቁጥቋጦ ንቀል ሲባል ያጉረመረመ ገበሬ ብዙ ነበር፤ አያስደንቅም፣ የነቀለው ገቢውን ነውና።

በሃንግዡ ሌላ መንገድ ተሞከረ። የምዕራብ ሐይቅ ሎንግጂንግ የሚባለው በ168 ካሬ ኪሎ ሜትር ክልል ውስጥ የበቀለው ብቻ እንዲሆን እ.ኤ.አ. በ2001 ተወሰነ፤ ለገበሬውም እንደ ማሳው ስፋት የተቆጠረ የማረጋገጫ ምልክት ይታደላል። ሐሳቡ መልካም ነው። ይሁን እንጂ ምልክቱን ከሻዩ ለይተው ለሌላ ነጋዴ የሸጡ ገበሬዎች ነበሩ። ምልክቱ ዋጋ ያገኘው ገዢው ቅጠሉን ማንበብ ትቶ ምልክቱን ማንበብ ስለጀመረ ነው።

የገበሬ ኅብረት ሥራ ማኅበራት ሕግ በቻይና የወጣው እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2006 ሲሆን፣ ከሐምሌ 1 ቀን 2007 ጀምሮ ሥራ ላይ ውሏል። በዚህ አዳራሽ ለተሰበሰቡት አንዳንድ አንቀጾቹ እንግዳ አይሆኑም። አባል ለመሆን በፈቃድ ነው፣ ከአባላቱ ቢያንስ 80 በመቶ ገበሬዎች መሆን አለባቸው፣ እያንዳንዱ አባል አንድ ድምፅ አለው። ብዙ ካፒታል ላዋጣ ወይም ብዙ ምርት ላስረከበ ተጨማሪ ድምፅ ሊሰጥ ይችላል፤ ይህ ግን ከመሠረታዊው ድምፅ 20 በመቶ መብለጥ አይችልም። ለክፍፍል ከቀረበው ትርፍ ቢያንስ 60 በመቶው አባሉ ለማኅበሩ ባስረከበው ምርት መጠን ይመለስለታል። ሕጉ እንዲህ ይላል። በተግባር ግን አንድ ነጋዴ የዘመዶቹን ስም አስመዝግቦ «ማኅበር» ያለበት፣ ድጎማ ተቀብሎ በሩን የዘጋበት አጋጣሚ በመብዛቱ እ.ኤ.አ. በ2019 ባዶ ማኅበራትን የማጥራት አገር አቀፍ ዘመቻ ተካሂዷል።

በትክክል የሚሠራ የሻይ ኅብረት ሥራ ማኅበር ለአባሉ የሚሰጠው ትልቁ ነገር ጊዜ ነው። የራሱ ማጠውለጊያና ማመሻ ሲኖረው እርጥቡ ቅጠል በመሸ ቁጥር አይረክስም፤ ደረቅ ሻይ ደግሞ ለነገ ይቆያል፣ ከሁለት ገዢ ዋጋ ይጠየቅበታል። ቀጥሎ የሚሰጠው ነጩን ሳሕን ነው። የየአባሉ ቅጠል በየስሙ ተዘፍዝፎ ሲገለበጥ ባለቤቱ አጠገቡ ቆሞ ያያል። የአገዳው ጫፍ ለምን እንደጠቆረ በማግሥቱ ለቃሚዎቹን ይናገራል፤ ዋጋውም ለምን እንዳነሰ ከደላላ አፍ ሳይሆን ከራሱ ቅጠል ይረዳል። የቡና ዩኒየኖች የቅምሻ ክፍል ሲከፍቱ ያደረጉት ከዚህ የተለየ አይደለም፤ ልዩነቱ አምራቹ ራሱ ወደዚያ ክፍል ገብቶ የገዛ ቡናውን ቀምሶ ያውቃል ወይ የሚለው ላይ ነው። በብዙ ቦታ ገና አላወቀም።

ለቀማው ሲያበቃ፣ በግንቦት ግድም፣ የሃንግዡ ገበሬ ቁጥቋጦውን በጥልቀት ይገርዛል። ተራራው ለጥቂት ሳምንታት ራቁቱን ይቀራል። የተቆረጠው ቅጠልና ቀንበጥ እዚያው ግንዱ ሥር ተነጥፎ ይበሰብሳል። ለቃሚዎቹ ሴቶች ወደየአገራቸው ተሳፍረዋል፣ ምጣዱ ታጥቦ ተከድኗል። በመከር የጎመን ዘር ዘይት ከተጨመቀ በኋላ የሚቀረው ፋጉሎ በመስመሩ መካከል ተቆፍሮ ይቀበራል። ፀደይ ሲገባ የሚለቀመው እምቡጥ ዓይኑን የሚቋጥረው በዚያ ወቅት ነውና፣ በመከር ያልበላ ማሳ ከቺንግሚንግ በፊት የሚሸጥ ነገር አይኖረውም። ውርጩ የሚመጣበትን ሌሊት ግን እስካሁን በቅጠል ያነበበ ገበሬ የለም፤ ለእርሱ ሬዲዮ ይከፍታሉ።